ዣን ክሎድ ካሪዬር፦ የሚጽፈውን ተነስቶ የሚተውን ደራሲ

የፊልም ድርሰት እንዲነበብ ተብሎ አይጻፍም። ተዋናይ ይናገረዋል፣ ካሜራ ይቀርጸዋል፣ ፊልሙ ሲያልቅ ወረቀቱ ይጣላል። ፈረንሳዊው ዣን ክሎድ ካሪዬር ይህን ዕጣ ወድዶ የተቀበለ ጸሐፊ ነበር። ከግማሽ ምዕተ ዓመት በላይ ለታላላቅ ዳይሬክተሮች ጻፈ፤ አልፎ አልፎም ራሱ ካሜራ ፊት ቆሞ ተወነ።

የተወለደው በ1931 (ዓመቶቹ በሙሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው) በደቡብ ፈረንሳይ፣ ኮሎምቢዬር ሱር ኦርብ በምትባል መንደር፣ ከወይን አልሚ ቤተሰብ ነው። በወጣትነቱ የኮሜዲውን ሊቅ የዣክ ታቲን ፊልሞች በልብ ወለድ መልክ እንዲጽፍ ሥራ ተሰጠው። ታቲ ግን ልጁ ስለ ፊልም አሠራር ምንም እንደማያውቅ ሲረዳ ለፊልም አርታኢዋ ለሱዛን ባሮን አስረከበው። ባሮን ጽሑፉንና የተቀረጸውን ፊልም ጎን ለጎን አስቀምጣ፣ የሙያው ፈተና ከአንዱ ወደ ሌላው መሻገር መሆኑን አሳየችው።

በታቲ ዘንድ የተዋወቀው ፒየር ኤቴክስ ባልደረባው ሆነ። በጋብቻው መታሰቢያ ዕለት የፓሪስ የመኪና መጨናነቅ ይዞት ሚስቱ ዘንድ መድረስ ስላቃተው ባል የሠሩት አጭር ፊልም በ1963 ኦስካር አገኘ።

በዚያው ዓመት ስፔናዊው ሉዊስ ቡኙኤል ፈረንሳዊ ጸሐፊ ይፈልግ ነበር። ካን ከተማ ለምሳ ሲገናኙ ወይን ይጠጣ እንደሆነ ጠየቀው። ካሪዬር መጠጣት ብቻ ሳይሆን የወይን አልሚ ልጅ መሆኑን ነገረው፤ ወዳጅነታቸውም ተጀመረ። «ቤል ደ ዡር»ን እና በኦስካር የተሸለመውን የ1972ቱን «የቡርዧዎቹ ድብቅ ለዛ» ጨምሮ ስድስት ፊልሞች አብረው ሠሩ። ለመጻፍ ሲነሱ ራቅ ያለ ሆቴል ይገቡና ለሳምንታት አብረው ይበላሉ፣ በየዕለቱ አዲስ ታሪክ እየፈጠሩ እርስ በርስ ይተራረካሉ። ትዕይንቱንም ተነስተው ይተውኑታል፤ አፍ ላይ ያልጣመ ንግግር ወረቀት ላይ አይቀርም።

ተዋናይነቱ የበቀለው ከዚህ ልማድ ነው። በመጀመሪያ የጋራ ፊልማቸው፣ በ1964ቱ «የቤት ሠራተኛዋ ማስታወሻ»፣ ቄስ ሆኖ ተጫወተ። በ1969 ደግሞ በሌላ የቡኙኤል ፊልም በመናፍቅነት የተወነጀለውን ጳጳስ ጵሪስኪልያኖስን ሆነ። ከአርባ ዓመት በኋላም፣ በኢራናዊው አባስ ኪያሮስታሚ የ2010 ፊልም፣ አደባባይ ላይ ሁለቱን ባለታሪኮች አግኝቶ፣ ወንዱ እጁን በሴቷ ትከሻ ላይ እንዲያሳርፍ የሚመክረውን ሽማግሌ ተጫውቷል። ሚናዎቹ አጫጭር ናቸው፤ ቃል በተዋናይ አካል ላይ ምን እንደሚመዝን ግን ለጸሐፊው አስተምረውታል።

ይህ ዕውቀት የማይሞከሩ የሚመስሉ መጻሕፍትን እንዲደፍር አበቃው። የጉንተር ግራስን «የቆርቆሮ ከበሮ» ከዳይሬክተሩ ቮልከር ሽሎንዶርፍ ጋር ለፊልም አበጀው፤ ፊልሙ በ1979 በካን ፌስቲቫል የወርቅ ዘንባባን ከሌላ ፊልም ጋር ተጋራ። የሕንዶቹን ታላቅ ተረክ ማሃባራታን ከቲያትር ዳይሬክተሩ ፒተር ብሩክ ጋር ለዓመታት ደክሞበት የዘጠኝ ሰዓት ቲያትር አደረገው፤ በ1985ም በአቪኞ ፌስቲቫል፣ በድንጋይ ካባ ውስጥ ታየ። በ1986 የተቋቋመውን ላ ፌሚስ የፊልም ትምህርት ቤትም የመጀመሪያው ፕሬዚዳንት ሆኖ መርቷል።

በ2014 የክብር ኦስካር ሲቀበል፣ የፊልም ጸሐፊዎች ብዙ ጊዜ እንደሚዘነጉ ተናግሮ ሽልማቱን ከሚያውቃቸውም ከማያውቃቸውም ባልደረቦቹ ጋር ተጋራ። በ2021 በ89 ዓመቱ አረፈ። ያ ንግግሩ ተገቢ ነበር፤ የዳይሬክተሩን ስም እያስታወስን የጸሐፊውን የምንዘነጋ ተመልካቾች፣ ያስለቀሰንንና ያሳቀንን ነገር መጀመሪያ ያሰበውን ሰው ማወቅ ይገባናል።