«አልተፈቀደም» ከማለት በፊት፦ የትምህርት ፈቃድ ማመልከቻ ሲነፈግ ሊጠበቅ የሚገባው የሥነ ሥርዓት ፍትሕ



በመሐል ሜዳ ወይም በዓለም ከተማ ያለ አንድ ኮሌጅ በአንድ ዩኒቨርሲቲ ሥር ሆኖ የነርስነት ትምህርት ለመስጠት አመለከተ እንበል። መልሱም «መስፈርቱን አላሟላም» የሚል አንድ መስመር ሆነ። ኮሌጁ የትኛው መስፈርት እንደጎደለው ስለማያውቅ ማረምም መከራከርም አይችልም። የመንዝ፣ የግሼና የመርሐቤቴ ወጣት ደግሞ ለዚያው ትምህርት ደብረ ብርሃን ወይም አዲስ አበባ ቤት ይከራያል፤ አቅም ያነሰው ይቀራል።

በዩኒቨርሲቲ ጥላ ሥር መግባት ለአገራችን እንግዳ አይደለም። የቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ዩኒቨርሲቲ በ1954 ዓ.ም. ሲመሠረት የዓለማያ እርሻ ኮሌጅና የጎንደር የሕዝብ ጤና ኮሌጅ በሥሩ ተጠቃለዋል። ዛሬ የግል ተቋማት ዋና በር የትምህርትና ሥልጠና ባለሥልጣን የሚሰጠው የዕውቅና ፈቃድ ነው። በሩን ማንም ይጠብቀው፣ ጥያቄው ግን አንድ ነው፤ የሚከለክል አካል ለሚከለከለው ምን ዕዳ አለበት?

የተፈጥሮ ፍትሕ ሁለት መሠረቶች አሉት፤ ባለጉዳዩ ሳይሰማ አይወሰንበት፤ ማንም በራሱ ጉዳይ ዳኛ አይሁን። ይሁንና ግዴታው በሁሉም ጉዳይ እኩል አይከብድም። የእንግሊዝ ፍርድ ቤት በ1978 እ.ኤ.አ. ማክኢነስ እና ኦንስሎ-ፌን በተከራከሩበት የቦክስ ሥራ አስኪያጅነት ፈቃድ ጉዳይ ሦስት ዓይነት ባለጉዳዮችን ለይቷል። በእጁ ያለውን የሚነጠቅ ሰው ክሱን አውቆ የመሰማት መብት አለው። ፈቃዱ እንደሚታደስለት በምክንያት የሚጠብቅ ሰው ለነጠቃ የቀረበ ጥበቃ ያገኛል። አዲስ አመልካች ግን ሊጠይቅ የሚችለው በቅንነትና ያለ አድልዎ መታየትን ብቻ ነው፤ ምክንያት እንዲነገረው መጠየቅ አይችልም።

ሦስቱን መለየቱ ይጠቅመናል። ሁለት ዓመት ያስተማረ ኮሌጅ ዕድሳት ሲነፈገው ትምህርታቸውን ያጋመሱ ተማሪዎች አብረው ይወድቃሉ፤ ስለዚህ ግዴታው እዚህ ላይ ይበረታል። ለአዲስ አመልካች ምክንያት አያስፈልግም የሚለውን ግን አልቀበልም። የእኛው የፌዴራል የአስተዳደር ሥነ ሥርዓት አዋጅ ቁጥር 1183/2012 የአስተዳደር ውሳኔ በጽሑፍና በምክንያት እንዲሰጥ ይጠይቃል፤ ቅር የተሰኘ ሰውም ውሳኔው በፍርድ ቤት እንዲከለስለት ያስችለዋል። ምክንያት የሌለው ውሳኔ ይከለስ ቢባል ምኑ ይከለሳል?

ዩኒቨርሲቲዎች አንድ ስጋት ያነሣሉ። ምክንያት ከጻፍን ጥራትን የሚመዝነው መምህር መሆኑ ቀርቶ ዳኛ ይሆናል ይላሉ። የአካዳሚ ነፃነት መከበሩ ተገቢ ነው። ሆኖም ፍርድ ቤት የሚመረምረው ቤተ ሙከራው በቂ መሆኑን አይደለም፤ ገምጋሚው ቦታውን ማየቱን፣ የተጠቀመበት መስፈርት አስቀድሞ የታወቀ መሆኑን፣ ከተፎካካሪ ኮሌጅ ጋር የጥቅም ትስስር የሌለው መሆኑን ነው። ሥነ ሥርዓት ደካማ ኮሌጅን አያሳልፍም፤ ደካማነቱ በማስረጃ እንዲታይ ያደርጋል።

የመንዝ ሰው ይህን ከሕግ መጽሐፍ አልተማረውም። የጓሳ መሬት በቄሮ ሥርዓት ሲጠበቅ፣ የአስቦና የጌራ ተወላጆች በመረጡት አለቃ ሥር ሣሩ ለዓመታት ይከለከል ነበር። ክልከላው ከባድ ነበር፤ ነገር ግን ለሁሉም እኩል የሚሠራ፣ መዝጊያና መክፈቻውም በሕዝብ ፊት የሚነገር ነበር። ከዚህ የምማረው ሰው የሚከብደውን ክልከላ የሚቀበለው ደንቡን ሲያውቅና ከልካዩን ሲያምን መሆኑን ነው።

እንግዲህ ከማንኛውም የእምቢታ ደብዳቤ በፊት አራት ነገሮች ይጠበቁ እላለሁ፤ መስፈርቱ ከማመልከቻው ቀድሞ ይታወጅ፤ የግምገማው ረቂቅ ለአመልካቹ ደርሶ መልስ ይስጥበት፤ ውሳኔው የጎደለውን በዝርዝር ይጻፍ፤ ይግባኙን የሚሰማው ያልገመገመ ሰው ይሁን። እነዚህ ትልቅ በጀት አይጠይቁም። ኮሌጁ እንደገና ሊከለከል ይችላል፤ ነገር ግን ምን ማሟላት እንዳለበት አውቆ ይመለሳል፤ ዩኒቨርሲቲውም ውሳኔውን በማንም ፊት ማስረዳት ይችላል።