«እማማ፣ አይተውታል?»

የዘጠኝ ዓመቷ ልጄ ደብተሯ ጀርባ ላይ አንድ አገር ፈጥራለች። ተራራ፣ ሐይቅና ብዙ ፈረስ ያለበት አገር ነው፤ የእኛን ቆሰበር ይመስላል። ልዩነቱ ትምህርት ቤቱ ላይ ነው። እዚያ ተማሪም ሆነ መምህር አንድ ነገር ከመናገሩ በፊት «አየሁ»፣ «ሰማሁ» ወይም «መሰለኝ» ማለት አለበት። ይህን ሳይል የተናገረ ሰው ደጅ ወጥቶ፣ አንድ ነገር በደንብ አይቶ ይመለሳል። ቅጣቱ ይኸው ነው።

ጨዋታ ነው ብዬ ተውኳት። አንድ እሁድ ግን ከጎረቤት ጋር ቡና እየጠጣን ሳለ እናቴ ወሬ ጀመረች። «ዘንገና እኮ መጨረሻ የለውም። የፈለገ ገመድ ቢቀጣጠል ታቹን አይነካም» አለች።

ልጄ ቀና ብላ «እማማ፣ አይተውታል?» ስትል ጠየቀቻት።

ቤቱ ጸጥ አለ። የእናቴ ፊት ተለዋወጠ። እኔ በጎረቤት ፊት አፍሬ ልጄን ወደ ጓዳ አስገባኋትና «አዋቂ ሲናገር ዝም ይባላል!» ብዬ ተቆጣኋት። ደብተሯንም ቀማኋት።

ከዚያ በኋላ ሳምንቱን ሙሉ ምንም አልጠየቀችም። እራት ላይ «ትምህርት እንዴት ነበር?» ስላት መልሷ «ደህና» ብቻ ሆነ። ጥያቄዋ ያሰለቸኝ የነበርኩት እናት ዝምታዋ አስፈራኝ።

ያን ሰሞን ኮሌጅ ሳለሁ ያነበብኩት የዘርዓ ያዕቆብ «ሐተታ» ትዝ አለኝ። መጽሐፉ እንደሚተርከው ዘርዓ ያዕቆብ አክሱም አካባቢ የተወለደ መምህር ነው። በአፄ ሱስንዮስ ዘመን በሃይማኖት ጠብ ተከስሶ ሸሸ፤ ተከዜ አጠገብ ባለ ዋሻ ሁለት ዓመት ብቻውን ኖረ። እዚያ ሆኖ ሁሉም ወገን «እውነቱ የእኔ ነው» ሲል ማን ይፈርዳል ብሎ ጠየቀ። መልሱ ፈጣሪ ለሰው ሁሉ የሰጠው ልቡና ነው። ሰው መመርመር ስለሚከብደው ከአባቶቹ የሰማውን ፈጥኖ ይቀበላል ይላል። ዙሪያውን አይቶም ባልና ሚስት እኩል ናቸው፣ ሰውን መሸጥ መለወጥም ስህተት ነው ሲል ጻፈ። ይህ ሰው ግን ጸሎቱን አልተወም፤ ዋሻ ውስጥ አብሮት የነበረው መዝሙረ ዳዊት ነበር። መጠየቅና ማክበር አብረው ሊኖሩ እንደሚችሉ ከእሱ ተረዳሁ።

ስለ መጽሐፉ ራሱም ጥያቄ አለ። የተጻፈበት ዘመን በፈረንጆች አቆጣጠር 1667 ነው ይባላል። በ1920 ግን ጣሊያናዊው ምሁር ኮንቲ ሮሲኒ «የጻፈው በ19ኛው ክፍለ ዘመን ጽሑፉን ወደ አውሮፓ የላከው ሚሲዮናዊ ጁስቶ ዳ ኡርቢኖ ነው» አለ። ኢትዮጵያ ውስጥ ለብዙ ዓመታት ያስተማረው ክላውድ ሰምነር ደግሞ የኢትዮጵያዊ ሥራ ነው ሲል ተከራከረለት። ክርክሩ ዛሬም አልተዘጋም። በልጄ ትምህርት ቤት ሕግ ቢሆን እኔ «ሰማሁ» ከማለት አላልፍም።

ቅዳሜ ደብተሯን መለስኩላትና «አጥፍቻለሁ» አልኳት። እናቴ ከምድጃው አጠገብ ሆና ትሰማን ነበር።

«እኔም አላየሁትም» አለች ድንገት። «እናቴ ናት የነገረችኝ። ዘንገና ላይ የሰማሁ እንጂ ያየሁ አይደለሁም።»

ልጄ ሮጣ እቅፏ ውስጥ ገባች። «ታዲያ ያዩት ምንድን ነው እማማ?»

ከዚያ በኋላ እናቴን ማን ያስቁማት! እህል መድረቁን በጥርሷ ሰብራ፣ ሊጥ መቡካቱን አሽትታ፣ ላም መታመሟን አካሄዷን አይታ እንደምታውቅ ስታወራ አመሸች። ልጄ እየጻፈች ከእያንዳንዱ አጠገብ «አየሁ» የሚል ምልክት አደረገች። ለካ ያ ትምህርት ቤት እቤታችን ነበር፤ መምህሯም እናቴ።

በማግስቱ ሦስታችንም ዘንገና ወረድን። ሐይቁ እሳተ ገሞራ በፈጠረው ጉድጓድ ውስጥ የተኛ ነው። ጥልቀቱ 166 ሜትር ገደማ እንደሆነ ተጽፏል፤ እኛ አልለካነውም። ልጄ ጠጠር ወርውራ ሲሰምጥ ተመለከተችና «ታቹን አላየሁም፤ ግን ያለው ይመስለኛል» አለች።

እናቴ ሳቀች። «ይሁን፣ መሰለኝ ነው ያልሽው» አለቻት።

ቤታችን አሁን አንድ ደንብ አለው። ልጅ አዋቂን «አይተውታል?» ከማለት ይልቅ «እንዴት አወቁት?» ብላ በትሕትና ትጠይቃለች። አዋቂውም ካላየ «ሰማሁ» ይላል፤ አያፍርበትም። የእናንተ ልጅ ዛሬ ምን ጠየቀች? እናንተስ ምን መለሳችሁላት?