የውሻ ልባብ፦ አንገቱ ጠበቅ፣ አፍንጫው ላላ

ጉልበታም ውሻ አንገቱ ላይ ታስሮ ሲወጣ ባለቤቱን እየጎተተ ይሄዳል። ወደ ኋላ ሲስቡት ደግሞ ይብስበታል፤ የሚጎትተውን ነገር ተቃውሞ ወደ ፊት መግፋት ይቀናዋል። በሬ በጫንቃው ቀንበር ሲጎትት በቅሎ ግን በጭንቅላቷ የምትመራው ያለ ምክንያት አይደለም። ጫንቃ ለመሳብ ኃይል አለው፤ ጭንቅላት ግን ወደ ዞረበት ሌላው አካል ይከተላል።

የውሻ ልባብ የተሠራው ይህንኑ ይዞ ነው። በእንግሊዝ የእንስሳት ጠባይ ባለሙያው ሮጀር ሙግፎርድ «ሃልቲ» የተባለውን ሠራ። በአሜሪካ ደግሞ እ.ኤ.አ. በ1980ዎቹ የሚኒሶታ ዩኒቨርሲቲው የእንስሳት ሐኪም ሮበርት አንደርሰንና የውሻ አሠልጣኟ ሩት ፎስተር «ጀንትል ሊደር»ን አወጡ። አሠራራቸው ይለያያል፤ እዚህ የሚገለጸው የሁለተኛው አጠላለቅ ነው።

ልባቡ ሁለት ጠፍር አለው፤ አንዱ አንገት ላይ፣ ሌላው አፍንጫ ላይ ይውላል። ገመዱ የሚያያዘው አገጭ ሥር ባለው ቀለበት ነው።

ብዙ ሰው የሚሳሳተው አንገቱ ላይ ነው። ውሻው እንዳይታነቅ ብሎ ያላላዋል፤ ጠፍሩም ወደ ታች ይንሸራተትና ጉሮሮውን ይጫናል። ትክክለኛው ቦታ ከፍ ብሎ ከጆሮዎቹ ጀርባ፣ ከማንቁርቱም በላይ ነው። እዚያ ላይ አንድ ጣት ብቻ እስኪያስገባ ድረስ ጠበቅ ይላል። የአፍንጫው ጠፍር በአንጻሩ ላላ ይላል፦ ከዓይኖቹ ዝቅ ብሎ፣ ከአፉ ጥግ ኋላ ያርፋል፤ ሲስቡት እስከ አፍንጫው ለስላሳ ጫፍ ይንሸራተታል፣ ግን አይወልቅም። እንዲህ የተገጠመለት ውሻ አፉን ከፍቶ ያለከልካል፣ ውኃ ይጠጣል፣ ይበላል። መንከስም ይችላል፤ ልባብ የአፍ መዝጊያ አይደለም።

ልክ መግጠሙ ብቻውን አይበቃም። ውሻ አፍንጫው ላይ ባዕድ ነገር ሲያርፍበት በመዳፉ ይፍቃል፣ መሬት ላይ ይታሻል። ስለዚህ ቁራሽ ሥጋ በጠፍሩ ውስጥ አሳልፈው ያሳዩታል፤ አፍንጫውን በራሱ ፈቃድ አስገብቶ ይበላል። ይህ ከተለመደ በኋላ ለጥቂት ሰከንድ ይታሰርለታል፣ ይሸለማል፣ ይፈታል። ጊዜው በየቀኑ ይረዝማል፤ የእግር ጉዞ የሚመጣው ከዚያ በኋላ ነው።

በጉዞ ላይ ገመዱን መንጨቅ ክልክል ነው፤ ጭንቅላቱ በድንገት ሲጠመዘዝ አንገቱ ሊጎዳ ይችላል። ውሻው ሮጦ ጫፉ ላይ የሚደርስበት ረጅም ገመድም በዚሁ ምክንያት አይመከርም። እንደ ፓግና ቡልዶግ ያሉ አፍንጫ አጭር ዝርያዎች ጠፍሩ ስለማይረጋላቸው የደረት ማሰሪያ ይሻላቸዋል።

ቤት ሲገቡ ልባቡ ይወልቃል፤ ጠፍሩ ባረፈበት ቦታ ፀጉሩ ተልጦ ወይም ቆዳው ቀልቶ እንደሆነም ይታያል። ቡችላ ቶሎ ስለሚያድግ ልኩ በየጊዜው እንደገና መፈተሽ አለበት።