እሳት የማይነካው ጣፋጭ፦ የፍራፍሬና የእርጎ ኬሚስትሪ

የፋሲካ ሰሞን ነበር። የሚያዝያ ሙቀት በርትቷል፤ ከዶሮውና ከክትፎው በኋላ እንግዶቻችን አፋቸውን የሚያቀዘቅዙበት ቀለል ያለ ነገር አሰብን። ዳግመኛ ምድጃ መለኮስ አላሰኘንም። ስለዚህ በዋዜማው ምሽት አንድ አናናስ ልጠን፣ በትንንሹ ከትፈን፣ ከወፍራም እርጎና ከስኳር ጋር በጎድጓዳ ሳህን ለወስነው፤ ከዚያም ማቀዝቀዣ ውስጥ አሳደርነው። በማግሥቱ ክዳኑን ስናነሣ እርጎው ቀጥኖ፣ ውኃው ከላይ ተንሳፎ አገኘነው። የባሰው ግን ጣዕሙ ነበር፤ መረረ። ልጆቹ ማንኪያቸውን ቀስ ብለው አስቀመጡ። በዕድሜ ጠና ያሉት አክስታችን በትሕትና አንድ ጊዜ ቀምሰው፣ «ጩጮውን በግራዋ አጥባችሁ በቅጡ ሳታለቀልቁት ቀርታችሁ ይሆናል» አሉን። እርጎው ግን ከሱቅ በፕላስቲክ ዕቃ የተገዛ ነበርና ጩጮም ግራዋም በዓይኑ አላየም።

በዚህ ጽሑፍ የምናነሣው ይህን የመሰለውን፣ ምንም ዓይነት መጋገርም ሆነ መቀቀል የማያስፈልገውን የበጋ ጣፋጭ ነው፤ ትኩስ ፍራፍሬ ተቆርጦ፣ ከጎኑ በሚቀርብ ወፍራም የወተት ማጥቀሻ እየተጠቀሰ የሚበላውን። አሠራሩ ለሕፃን ልጅ እንኳ አያዳግትም። በሳህኑ ውስጥ የሚካሄደው ሥራ ግን የባዮኬሚስትሪ መምህር አንድ ሙሉ ክፍለ ጊዜ ሊያስተምርበት የሚችል ነው።

ከምሬቱ እንጀምር። አናናስ ብሮሜሌይን የተባሉ ኢንዛይሞችን ይዟል። እነዚህ ኢንዛይሞች ፕሮቲንን የሚቆራርጡ ናቸው። አናናስ አብዝተን ስንበላ ምላሳችንን የሚለበልበን ከአሲዱና በውስጡ ካሉት መርፌ መሰል ጥቃቅን ክሪስታሎች ጋር ተደምሮ ይኸው ኢንዛይም የአፋችንን ፕሮቲን ስለሚነካ ነው፤ እኛ አናናሱን ስንበላ እርሱም በመጠኑ እኛን ይበላናል ማለት ይቻላል። ፓፓያ ፓፔይን፣ በለስ ፊሲን፣ ኪዊ አክቲኒዲን የተባሉ የዚሁ ቤተሰብ አምሳያዎች አሏቸው። በብዙ አገሮች ጠንካራ ሥጋን በፓፓያ ቅጠል ጠቅልሎ የማለስለስ ልማድ የመጣው ከዚሁ ጠባይ ነው።

በላም ወተት ውስጥ ካለው ፕሮቲን 80 ከመቶ የሚሆነው ኬዚን ነው። ወተት ሲረጋ ባክቴሪያዎች ላክቶዝ የተባለውን የወተት ስኳር ወደ ላክቲክ አሲድ ይለውጡታል፤ የአሲድነት መለኪያው ወደ 4.6 ሲወርድ የኬዚን እንክብሎች እርስ በርሳቸው ተያይዘው ውኃውን በመካከላቸው የሚይዝ መረብ ይሠራሉ። እርጎ ማለት ይህ መረብ ነው። ብሮሜሌይን ሲገባበት መረቡ ይቆራረጣል፤ የታገተው ውኃ ይለቀቃል፤ እርጎውም ይቀጥናል። ረጅሙ ፕሮቲን ራሱ ጣዕም የለሽ ነው። ሲቆራረጥ ግን ፔፕታይድ የተባሉ አጫጭር ቁራጮች ይፈጠራሉ። ከእነርሱም መካከል ውኃ የሚሸሹ አሚኖ አሲዶች የበዙባቸው በምላሳችን ላይ ያሉትን የመራራ ጣዕም ተቀባዮች ይቀሰቅሳሉ። አክስታችን የጠረጠሩት ግራዋ እንግዲህ በሳህኑ ውስጥ ሌሊቱን ሲመረት ያደረ ነበር።

ነገሩን በወሬ ብቻ ላለመተው አራት ብርጭቆ እርጎ አዘጋጀን። በመጀመሪያው ጥሬ አናናስ፣ በሁለተኛው አምስት ደቂቃ ያህል ተቀቅሎ የቀዘቀዘ አናናስ፣ በሦስተኛው የጣሳ አናናስ፣ በአራተኛው ማንጎ ጨመርን። በማግሥቱ የመረረውና የቀጠነው የመጀመሪያው ብቻ ነበር። ምክንያቱ ግልጽ ነው፤ ኢንዛይም ራሱ ፕሮቲን በመሆኑ ሙቀት ቅርጹን ያፈርሰዋል፣ የጣሳ አናናስ ደግሞ ሲታሸግ ሞቆ ያለፈ ነው። ማንጎም እርጎን በዚህ መጠን የሚያፈርስ ኢንዛይም የለውም። ፓፓያን በተመለከተ በጥሬው ጊዜ ያለው ፓፔይን ሲበስል እየቀነሰ ይሄዳል፤ ሆኖም የፓፓያ ኢንዛይም ሙቀትን ከአናናሱ ይበልጥ ስለሚቋቋም ለብ በማድረግ ብቻ አይሸነፍም። አንባቢያችን ሙከራውን በቤቱ ሊደግመው ይችላል፤ ወጪው ከአንድ አናናስና ከአንድ ሊትር እርጎ አይበልጥም።

ታዲያ አናናስ ከዚህ ጣፋጭ ይሰናበት? አይደለም። ማጥቀሻው ለብቻው በአንድ ሳህን፣ ፍሬው ለብቻው በሌላ ሳህን ከቀረበ ሁለቱ የሚገናኙት ከሳህን እስከ አፍ ባለችው ቅጽበት ብቻ ነው። ኢንዛይሙ ሥራውን ለመጀመር እንኳ ጊዜ አያገኝም። እያጠቀሱ መብላት ባህላችን ነው፤ እዚህ ላይ ደግሞ ሳይንሱም ይደግፈዋል።

ማጥቀሻውን ለማዘጋጀት አንድ ሊትር ወፍራም እርጎ በንጹሕና በፈላ ውኃ በታጠበ ሻሽ ላይ ገልብጦ፣ ሻሹን በወንፊት ላይ አድርጎ፣ በማቀዝቀዣ ውስጥ ከአራት እስከ ስድስት ሰዓት ማንጠፍጠፍ ነው። አጓቱ ይወርዳል፤ የሚቀረው እንደ እርጎው ውፍረት ወደ ግማሽ ሊትር ይጠጋል። አይብ ከማውጣት የሚለየው እሳት አለመንካቱ ነው፤ አይብ ሲወጣ ሙቀት ኬዚኑን አኮማትሮ ፍርፍር ያደርገዋል፣ እዚህ ግን መረቡ ሳይሰበር ስለሚጠጋጋ ለስላሳነቱን አያጣም። ከዚያ ሁለት የሾርባ ማንኪያ ማርና የተፋቀ የሎሚ ልጣጭ መጨመር ይበቃል። (ዓመት ያልሞላው ሕፃን ካለ ማሩ በስኳር ይተካ፤ ማር ውስጥ ሊኖር የሚችለው የቦቱሊዝም ባክቴሪያ ዘር ለጨቅላ አንጀት አደገኛ ነው።) ማሩን በሞቀ እርጎ ለክተው የሚጨምሩ ሰዎች ሳህኑ ከማቀዝቀዣ ሲወጣ ጣፋጭነቱ ጠፋ ብለው ሲገረሙ እናያለን። ማሩ የትም አልሄደም። በምላሳችን የጣፋጭ ስሜትን የሚያስተላልፈው ቲ.አር.ፒ.ኤም.5 የተባለው የሕዋስ በር ሙቀት ሲጨምር በይበልጥ እንደሚከፈት፣ ሲቀዘቅዝ እንደሚዳከም እ.ኤ.አ. በ2005 ኔቸር በተባለው መጽሔት የወጣ ጥናት አሳይቷል። ስለዚህ ቀምሶ መመጠን ከቀዘቀዘ በኋላ ነው።

ሙዝና ፖም ተቆርጠው ሲቆዩ የሚጠቁሩት ቢላዋው ሕዋሶቻቸውን ሲሰነጥቅ ፖሊፌኖል ኦክሲዴዝ የተባለው ኢንዛይም ከፌኖሎችና ከአየር ኦክስጅን ጋር ስለሚገናኝ ነው። የሎሚ ጭማቂ በሁለት መንገድ ይከላከላል፤ አሲዱ ኢንዛይሙን ያዳክማል፣ ቫይታሚን ሲው ደግሞ መጥቆር የጀመረውን ውሑድ ወደ ነበረበት ይመልሳል። እንጆሪ ላይ ቀድሞ ስኳር መነስነስ ግን አይበጅም፤ በኦስሞሲስ ውኃው ከፍሬው ወጥቶ ሳህኑ ይዋኛል፣ ፍሬውም ይለሰልሳል።

አሁን ጠንከር ወዳለው ጉዳይ እንምጣ። የዚህ ጣፋጭ ምቾት እሳት አለማስፈለጉ ነው፤ አደጋውም ይኸው ነው። ወጥ ሲፈላ አብሳዩ ሳያስበው ብዙ ተሐዋስያንን ይገድላል። እዚህ ግን በእጅ፣ በቢላዋ ወይም በወተቱ የገባ ባክቴሪያ ሁሉ በሕይወት እስከ አፋችን ይዘልቃል። እ.ኤ.አ. በ1887 ዴቪድ ብሩስ የተባለ የእንግሊዝ ጦር ሐኪም በማልታ ደሴት ወታደሮችን በተመላላሽ ትኩሳት የሚያሠቃየውን ባክቴሪያ ለየ፤ ከየት እንደሚመጣ ግን ሳይታወቅ ዓመታት አለፉ። በ1905 ማልታዊው ሐኪም ቴሚስቶክሊስ ዛሚት ምንጩ ፍየሎቹ መሆናቸውን ደረሰበት። ፍየሎቹ ጤነኛ ይመስሉ ነበር። በቀጣዩ ዓመት ጥሬ የፍየል ወተት ከወታደሮቹ ቀለብ ሲወጣ በሽታው በጦሩ ውስጥ በፍጥነት ቀነሰ። ይህ ዛሬ ብሩሴሎሲስ የምንለው በሽታ ነው፤ በእኛም አገር ከብቶችና ፍየሎች ዘንድ ይገኛል። የከብት ሳንባ ነቀርሳም በጥሬ ወተት ወደ ሰው ይተላለፋል። ወተቱ መልካም ሽታ ያለውና ላሚቱም የምናውቃት መሆኗ ዋስትና አይሆንም፤ የእርጎ አሲድም ብቻውን አስተማማኝ ጠባቂ አይደለም።

መፍትሔው ወተቱን ከመርጋቱ በፊት ማፍላት ነው። አዲስ አበባን በመሰለ ከፍታ ውኃ የሚፈላው በ92 ዲግሪ ሴንቲግሬድ ገደማ ስለሆነ «በቂ ይሆናል ወይ?» የሚሉ አሉ። ይሆናል፤ ለፓስተራይዜሽን የሚያስፈልገው 72 ዲግሪ ለ15 ሴኮንድ፣ ወይም 63 ዲግሪ ለ30 ደቂቃ ነውና። የፈላው ወተት ለብ እስኪል ቀዝቅዞ፣ ከፈላ ወተት በተሠራ ጥቂት እርጎ እርሾነት ይረጋል። ከጥሬ ወተት ላይ የተገፈፈ ስልባቦትን በቀጥታ ለማጥቀሻ ማዋልን ግን አንመክርም።

ፍሬው ከመቆረጡ በፊት ይታጠብ። የሚላጥ ቢሆንም ይታጠብ፤ ቢላዋው የልጣጩን እድፍ ይዞ ወደ ውስጥ ይገባልና። በተለይ ሐብሐብና ፓፓያ አሲዳቸው ዝቅተኛ ስለሆነ ባክቴሪያ በተቆረጠ ሥጋቸው ላይ በቀላሉ ይራባል፤ አናናስና እንጆሪ በአሲዳቸው በመጠኑ ይከላከላሉ። ማጥቀሻውና የተቆረጠው ፍሬ ከማቀዝቀዣ ውጭ ከሁለት ሰዓት በላይ መቆየት የለባቸውም፤ በቆላ ሙቀት ደግሞ አንድ ሰዓት ይበቃል።

አንድ የቀረ ጥያቄ አለ። ሙቀቱ የሚበረታው በአብዛኛው ዐቢይ ጾም ሲሆን ነው፤ የሚጾም ሰው ምን ያድርግ? አቮካዶ አለ። ቅቤ መሰል ስብ በተፈጥሮው ስላለው ከሎሚና ከስኳር ጋር ሲደቆስ ያለ ምንም ወተት ወፍራም ማጥቀሻ ይሆናል፤ ሎሚውም እንዳይጠቁር ይጠብቀዋል። ለሱፍ ፍትፍት የምናወጣው ነጭ ውኃም ከወተት ጋር የአካል ዝምድና አለው፤ ሁለቱም በውኃ ውስጥ የተንሳፈፉ ጥቃቅን የስብ ጠብታዎች ናቸውና ብርሃንን በትነው ነጭ ይመስላሉ። እርሱ ግን ቀጭን በመሆኑ ለማጥቀሻነት ሞክረነው አልተሳካልንም።

በተከታዩ እሑድ አክስታችንን ዳግመኛ ጋበዝናቸው። እርጎው ተንጠፍጥፎ፣ አናናሱ ለብቻው ተደርድሮ ቀረበ። አንድ ቁራጭ አጠቀሱ፤ ደገሙ፤ ሦስተኛውን ሲያነሡ ዞር ብለው፣ «እኔ ብያችሁ ነበር፤ ዛሬ በደንብ አለቅልቃችሁታል» አሉን።