እየቀመሱ መማር፦ በማሐኔ ይሁዳ ገበያ ያደረግነው የእግር ጉብኝት



አዲስ አገር የገባ ሰው ከተማውን በመጀመሪያ የሚያውቀው በቢሮዎቹ በኩል ነው። ባንክ፣ ኩፓት ሖሊም፣ ቢቱዋሕ ለኡሚ፣ የልጆች ትምህርት ቤት። በእነዚህ ቦታዎች ሁሉ አዋቂው ሰው ጠያቂና ወረፋ ጠባቂ ነው። ብዙ ጊዜም የሚያስተረጉምለት የገዛ ልጁ ነው። በማኅበራዊ ሠራተኛነቴ ከቤተሰቦች ጋር ስሠራ ደጋግሜ ያየሁት ነገር ይኸው ነው። የአሥር ዓመት ልጅ የአባቱን ደብዳቤ ሲያነብና ሲተረጉም አባት አንገቱን ደፍቶ ይሰማል። ልጁም ውሎ አድሮ «አባቴ እዚህ አገር የሚያውቀው ነገር የለም» ብሎ ማሰብ ይጀምራል።

ዛሬ ላጫውታችሁ የፈለግሁት ከተማን ስለ ማወቂያ ሌላ መንገድ ነው። በኢየሩሳሌም፣ በቴል አቪቭና በሌሎች የእስራኤል ከተሞች በአስጎብኚ እየተመሩ በእግር መዞር፣ የሠፈሩን ታሪክ መስማትና በየሱቁ ቆም እያሉ መቅመስ የተለመደ ነው። ብዙዎቻችን ይህ ለቱሪስት ብቻ የተዘጋጀ ይመስለናል። እኔም እንደዚያ አስብ ነበር።

የመጀመሪያው ሙከራዬ ግን አልተሳካም። ቤተሰቦቹን ይዤ የሄድሁት ዓርብ ቀትር ላይ ነበር። ሰው ሁሉ ለሰንበት ይሸምታል፣ መተላለፊያ የለም፣ አስጎብኚው በፈጣን ዕብራይስጥ ይናገራል። እናቶች ግድግዳ ተደግፈው ቆሙ። አንድ ሕፃንም ለአሥር ደቂቃ ያህል ጠፍቶብን ልባችን ሊወጣ ደርሶ ነበር። ጥፋቱ የእኔ ነበር። በሁለተኛው ጊዜ ሰኞ ጠዋት፣ ሰባት ቤተሰቦች ብቻ ሆነን፣ ረጋ ብሎ ከሚናገር አስጎብኚ ጋር ሄድን። የምነግራችሁ ስለዚህኛው ነው።

መነሻችን ኢትዮጵያ ጎዳና

አስጎብኚው የቀጠረን በመሀል ኢየሩሳሌም ካለው «ሬሖቭ ኤትዮፒያ» ነው። የጎዳናውን ስም በዕብራይስጥ ያነበበልን አንድ ልጅ ነበር፤ አባባ የሚባሉት ሽማግሌ ግን «አንብብ ደግመህ» ብለው ሁለት ጊዜ አስነበቡት። ጎዳናው ስሙን ያገኘው እዚያው ካለው ክብ የኢትዮጵያ ቤተ ክርስቲያን ነው። ሥራው በአፄ ዮሐንስ ዘመን ተጀምሮ በአፄ ምኒልክ ዘመን በ1893 በአውሮፓውያን አቆጣጠር ተፈጸመ።

ከዚሁ ቤተ ክርስቲያን ፊት ለፊት ኤሊዔዜር ቤን ይሁዳ ይኖርበት የነበረው ቤት አለ። ዕብራይስጥ እንደገና የቤትና የመንገድ ቋንቋ እንዲሆን የደከመው ይህ ሰው በ1881 የመጣ አዲስ ገቢ ነበር። በ1882 የተወለደው ልጁ ከእናት ከአባቱ ዕብራይስጥ ብቻ እየሰማ እንዲያድግ አደረገ። ኡልፓን የሚማሩት እናቶች ይህን ሲሰሙ እርስ በርሳቸው ተያዩ። በዚያ ቤት ልጁን ዕብራይስጥ ያስተማረው ወላጅ ነበር፤ በእኛ ቤት ግን ወላጁን የሚያስተምረው ልጅ ነው።

ገበያው እንዴት ተቆረቆረ?

ከዚያ ሃያ ደቂቃ ያህል ተጉዘን ያፎ መንገድ ላይ ወጣን። ማሐኔ ይሁዳ የሚባለው ሠፈር ከመንገዱ በስተ ሰሜን በ1887 ተመሠረተ። ከመንገዱ ማዶ በነበረው ባዶ ሜዳ በአካባቢው ካሉ የዓረብ መንደሮች የሚመጡ ገበሬዎች አትክልትና ፍራፍሬ መሬት ላይ ዘርግተው ይሸጡ ነበር። በ1920ዎቹ መጨረሻ፣ በእንግሊዞች አስተዳደር ጊዜ፣ ቋሚ መደብሮች ተሠሩ። ከኢራቅ የመጡ ነጋዴዎች የበዙበት ክፍል ደግሞ እስከ ዛሬ «ሹክ ሃዒራቂ»፣ የኢራቆች ገበያ፣ ይባላል።

አስጎብኚው ገበያው ዓርብ ከሰንበት በፊት እንደሚዘጋና ቅዳሜ ጭር እንደሚል ሲናገር አባባ ሳቁ። «እኛ አገር ትልቁ ገበያ ቅዳሜ ነበር። ለሰንበት ብለን ስንት ገበያ አመለጠን!» አሉ። አስጎብኚው ይህን በማስታወሻው ጻፈ።

ልጆቹን የማረካቸው የመተላለፊያዎቹ ስም ነው። አንዱ ሃታፑአሕ (ፖም)፣ አንዱ ሃአፋርሴክ (ኮክ)፣ ሌላው ሃኤጎዝ (ለውዝ መሳይ ዋልነት) ይባላል። ፊደል የቆጠረ ሁሉ ሰሌዳ እያነበበ፣ ፍሬውን በጣቱ እያሳየ ሄደ። ለኡልፓን ተማሪ ከዚህ የተሻለ ክፍል የለም።

ላሑሕና አብሽ

መጀመሪያ የቆምነው የየመን ምግብ ከሚሸጥበት ዘንድ ነው። በ1949 እና በ1950 ሃምሳ ሺህ ያህል የየመን አይሁዶች በአውሮፕላን ወደ እስራኤል መጡ። አብዛኞቹ ከዚያ በፊት አውሮፕላን አይተው አያውቁም። በ1991 በ«ዘመቻ ሰሎሞን» በአንድ ቀን ተኩል ከአሥራ አራት ሺህ በላይ ወገኖቻችን እንዴት እንደመጡ የሚያስታውስ ሰው ይህን ታሪክ ሌላ አስተርጓሚ አያሻውም።

ላሑሕ የሚባለው ዳቦአቸው በአንድ ወገን ብቻ ይጋገራል፣ ልስልስ ነው፣ ፊቱም ዓይን ያወጣል። አንዲት እናት ገልበጥ አድርገው አዩት፣ አሸተቱት፣ ከዚያም «ስንት ቀን ነው የሚቦካው?» ብለው ጠየቁ። ሻጭዋ ሴትዮ በስንዴ ዱቄትና በእርሾ በዚያው ቀን እንደሚቦካ ስትነግራቸው «ታዲያ መቼ ይጎመዝዛል!» አሉ። በላሑሑ ጎን የቀረበው አረፋማ ማጥቀሻ ሒልቤ ይባላል፤ የተሠራው ከአብሽ ነው። ዝሁግ የሚባለው አረንጓዴ ማባያ ደግሞ ቃሪያ፣ ነጭ ሽንኩርትና የድምብላል ቅጠል ያለበት፣ የዳጣችን ዘመድ ነው።

እኚህ እናት ያን ቀን አልቀመሱም። «የማላውቀው እጅ የሠራውን አልበላም» አሉ፤ ማንም አላስገደዳቸውም። ነገር ግን ግማሽ ኪሎ አብሽ ገዝተው ሄዱ።

ኩቤና ፕቲቲም

ሁለተኛው ማረፊያችን ኩቤ የሚፈላበት ትንሽ ምግብ ቤት ነበር። ኩቤ በስንዴ ሊጥ ውስጥ ሥጋ ተጠቅልሎ በሾርባ የሚበስል የኢራቅና የኩርዲስታን አይሁዶች ምግብ ነው። በ1950 እና በ1951 ከኢራቅ ብቻ አንድ መቶ ሃያ ሺህ ያህል አይሁዶች ገቡ። ብዙዎቹ ሱቃቸውንና ቤታቸውን ጥለው መጥተው መዓባራ በሚባሉ የድንኳንና የቆርቆሮ መጠለያዎች ተቀመጡ። አገሪቱ ከ1949 እስከ 1959 «ጼናዕ» በሚባል የቁጠባ ዘመን ውስጥ ነበረች፤ እንቁላልና ስኳር በኩፖን ይታደል ነበር። ሩዝ በመጥፋቱ በጠቅላይ ሚኒስትር ቤን ጉሪዮን ጥያቄ ከስንዴ ዱቄት በሩዝ መልክ የተሠራው ምግብ ነው ዛሬ ልጆቻችን በትምህርት ቤት የሚበሉት ፕቲቲም።

ይህን የምነግራችሁ «ሁሉም ተቸግሮ አልፏል፣ እናንተም ታገሡ» ለማለት አይደለም። የየራሳችን ችግር አለን፤ የቆዳ ቀለም ነገርም ከሌሎቹ የተለየ ሸክም ጨምሮብናል። ነገር ግን ዛሬ የአገሩ ባለቤት መስሎ ከጠረጴዛው ኋላ የቆመው ነጋዴ አባቱ ወይም አያቱ በአንድ ሻንጣ የመጡ መሆናቸውን ማወቅ፣ ሰውየውን ቀና ብሎ ለማነጋገር ይረዳል።

የሁመራ ሰሊጥ

ሦስተኛው ቦታ ሐልቫና ጠሒና የሚሸጥበት ነበር። ሁለቱም ከሰሊጥ የሚሠሩ ናቸው። ከእኛ ጋር በወልቃይት በኩል ተወልደው ያደጉ አንድ አባት ነበሩ፤ እስከዚያ ድረስ አንዲት ቃል አልተነፈሱም። የአሥራ ሁለት ዓመት ልጃቸው ሁሉን ነገር እየተረጎመ በመሰልቸት ይከተል ነበር።

ነጋዴው ከየት እንደመጣን ጠየቀ። ልጁ «ከኢትዮጵያ» አለ። ነጋዴው ወደ አንድ ብልቃጥ እያመለከተ «ይሄም ከኢትዮጵያ ነው፤ ጥሩው ሰሊጥ የሁመራ ነው» ብሎ በዕብራይስጥ ቀጠለ። አባትየው ማንም ሳይተረጉምላቸው «ሁመራ?» አሉ። «ሁመራ፣ ሁመራ» አለ ነጋዴው።

አባት በወጣትነታቸው ለአጨዳ ወደ ሁመራ ይወርዱ ነበር። መናገር ጀመሩ። «ሰሊጥ ፍሬው ሳይከፈት፣ ቢጫ ሲል ይታጨዳል። የዘገየ እንደሆነ ይረግፍና ለምድር ይቀራል። ነዶ አስረህ ጫፉን ወደ ላይ አድርገህ ታቆመዋለህ። ሲደርቅ አፉን ይከፍታል፤ ያን ጊዜ ሸራ ላይ ገልብጠህ ታራግፈዋለህ።»

ልጁ መተርጎም ጀምሮ ቆመ። «ነዶ ምንድን ነው?» ብሎ አባቱን ጠየቀ። አባት በሁለት እጃቸው አቅፈው አሳዩት፤ ልጁም በእጁ ለነጋዴው አሳየ። ነጋዴው በማንኪያ ጠሒና ቀድቶ ሰጣቸው። ቀምሰው ትንሽ ዝም ካሉ በኋላ «ሰሊጡ የእኛ ነው። ቆላው ግን በዝቷል» አሉ። ልጁ ይህን ለመተርጎም አፈረ። «ንገረው» አሉት። ነገረው፤ ነጋዴውም እየሳቀ ሌላ ብልቃጥ ከፈተ።

ይህ አንድ ቀን የቤተሰቡን ችግር ሁሉ ፈታ አልልም። በማግስቱ ልጁ እንደገና ደብዳቤ ተርጓሚ ሆኗል። በአውቶቡስ ስንመለስ ግን ከኋላዬ ተቀምጦ «ሁመራ በእግር ስንት ቀን ነው?» እያለ አባቱን ሲጠይቅ ሰምቻለሁ። አባቱም መሸት እስኪል ድረስ መለሱለት።

ለመሄድ ለምታስቡ

በመጀመሪያ፣ ከእሑድ እስከ ረቡዕ ባለው ቀን ጠዋት ሂዱ፤ ዓርብን ተዉት። በአስጎብኚ መዞር ከፈለጋችሁ ፈቃድ ያለው «ሞሬ ዴሬኽ» መሆኑን ጠይቁ፤ ዋጋውንና ቅምሻው በዋጋው ውስጥ መሆን አለመሆኑንም አስቀድማችሁ እወቁ። በመርከዝ ክሊታው ወይም በሠፈራችሁ ማትናስ ብዙ ቤተሰብ ሆናችሁ ብትጠይቁ ወጪው ይቀልላል። ገንዘብ ባይኖርም በገበያው መዞር በነፃ ነው።

ሁለተኛ፣ ስለ ካሽሩት የምትጠነቀቁ፣ በየምግብ ቤቱ ግድግዳ የተሰቀለውን «ተዑዳት ካሽሩት» ተመልከቱ። ቀኑ ያላለፈበት መሆኑንና ቤቱ የሥጋ (በሳሪ) ወይም የወተት (ሐላቪ) መሆኑን ልጆቻችሁ ያንብቡላችሁ። የወተት ነገር ከሥጋው አስቀድማችሁ ቅመሱ።

ሦስተኛ፣ ሦስት አነጋገር ይዛችሁ ሂዱ። «ኤፍሻር ሊትዖም?» ማለት መቅመስ ይቻላል? ማለት ነው። «ዜ ካሼር?» ይህ ኮሸር ነው? «ካማ ዜ ዖሌ?» ዋጋው ስንት ነው? በዚህች በመጨረሻዋ ውስጥ ያለችው «ዖሌ» እናንተው የምትጠሩባት ቃል ናት፤ ወደ ላይ የሚወጣ ማለት ነው።

በመጨረሻም፣ ልጆቻችሁን ይዛችሁ ሂዱ፤ ዕብራይስጡን እነሱ ያንብቡ። ቅመሙን፣ እህሉንና አዝመራውን ግን እናንተ ንገሯቸው። የማያውቁት የአማርኛ ቃል ሲገጥማቸው በእጃችሁ አሳዩአቸው።

መልካም ጉብኝት ይሁንላችሁ።