ከአውሮፕላኑ በታች ያለው ሰው

አንባቢ ሆይ፤ በሰበታ፣ በቡራዩ ወይም በሱሉልታ የምትኖር ከሆንህ፣ ወደ ቦሌ የሚያልፈውን አውሮፕላን ቀና ብለህ ሳታይ አልቀረህም። ከመሬት የቆመ ሰው የሚያየው ሆዱንና ክንፉን ብቻ ነው። በጦርነት ዘመን የተሠሩ የአውሮፕላን ፊልሞች ግን ተመልካቹን የሚያስቀምጡት ከአብራሪው ወንበር ላይ ነው። ተንኰሉም እዚያ ላይ ነው።

ጃፓኖች ይህን ለሕፃናት በካርቱን ሠርተውታል። በባሕር ኃይል ሚኒስቴር ድጋፍ ሚትሱዮ ሴዎ ያዘጋጀው «የሞሞታሮ የባሕር ንስሮች» የተባለ የ37 ደቂቃ ፊልም በመጋቢት 1935 ዓ.ም. ታየ። ሞሞታሮ ከኮክ ፍሬ የተወለደ የተረት ልጅ ነው፤ ዝንጀሮ፣ ውሻና ወፍ አስከትሎ የአጋንንትን ደሴት ይወጋል። በፊልሙ እንስሶቹ አብራሪዎች ሆኑ፤ የአጋንንቱ ደሴትም በኅዳር 1934 ዓ.ም. የተደበደበውን የአሜሪካኖች ወደብ፣ ፐርል ሃርበርን መሰለ። ሕፃን የሚስቅበት ሥራ ነው፤ ክፋቱም ማሳቁ ነው።

አንተ ግን «ይህ ለእኛ ምናችን ነው?» ትል ይሆናል። ከጃፓኑ ፊልም አምስት ዓመት ቀድሞ፣ በ1930 ዓ.ም.፣ ኢጣልያኖች «አብራሪው ሉቺያኖ ሴራ» የተባለ ፊልም አውጥተው ነበር። ካርቱን አይደለም፤ ከፊሉ የተነሣውም በወረራ ሥር በነበረችው አገራችን ነው። አዘጋጁ ጎፍሬዶ አሌሳንድሪኒ ሲሆን፣ የበላይ ተቆጣጣሪው የሙሶሊኒ ልጅ ቪቶሪዮ ነበር። ይህ ሰው በ1928 ዓ.ም. በሕዝባችን ላይ ቦምብ የጣለ አብራሪ ነው፤ ነገሩ እንዳስደሰተውም በኋላ ባሳተመው መጽሐፍ ሳያፍር ጽፎታል። በፊልሙ ውስጥ አባት የቆሰለ ልጁን በአውሮፕላን ይዞ ያወጣና ራሱ ይሞታል። እውነቱን ለመናገር ታሪኩ አንጀት ይበላል። የእኛ ሰዎች ግን ባቡር ለመውረር የሚጎርፉ፣ ስም የሌላቸው ጭፍሮች ናቸው፤ ማንም አያለቅስላቸውም። ፊልሙ በዚያው ዓመት በቬኒስ «የሙሶሊኒን ዋንጫ» ተሸለመ። ዋንጫው በአባት ስም፣ ፊልሙ በልጅ እጅ!

ከታች የነበረው ሰው ያየውን ፊልሙ አያሳይም። ኅዳር 26 ቀን 1928 ዓ.ም. ደሴ ስትደበደብ ሆስፒታሉ እንኳ አልተረፈም። ሰኔ 23 ቀን 1928 ዓ.ም. ደግሞ ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ጄኔቭ ላይ ለመንግሥታት ማኅበር የተናገሩት ይህንኑ ከመሬት የታየውን ነበር፤ 9፣ 15፣ 18 እየሆኑ የሚከታተሉ አውሮፕላኖች የረጩት መርዝ እንደ ጉም ተያይዞ በሰው፣ በከብት፣ በወንዝና በመስክ ላይ መውረዱን።