ለዐሥር ዓመት የሚጻፍ ስም

ፓስፖርት ሊያሳድስ የመጣ ሰው ገና በሩን ሲገባ ይታወቃል። አዲስ የሚያወጣው ፌስታል ሙሉ ወረቀት ታቅፎ፣ የልደት ሰርተፊኬቱን ደጋግሞ እያየ ተራውን ይጠብቃል። አሳዳሹ ግን አሮጌዋን ደብተር ከደረት ኪሱ ያወጣና ጠረጴዛዬ ላይ አኑሯት «እድሳት ናት፤ ቶሎ ሙላልኝ» ይለኛል። መንግሥት አንዴ አውቆኛል፣ የቀረው ቀኑን ማራዘም ነው ብሎ ነው የመጣው። ጎንደር ፒያሳ፣ ጽሕፈት፣ ፎቶ ኮፒና የኦንላይን ፎርም በምንሠራበት ቤት ተቀምጬ ያየሁት ግን ተቃራኒውን ነው። ራስ የሚያዞረው የአዲስ አውጪው ፎርም ሳይሆን የአሳዳሹ ነው።

አዲስ አውጪው ገና ምንም አልተጻፈበትም። አሳዳሹ ላይ ግን ቀድሞ የተጻፈ አለ። አሮጌው ፓስፖርት አንድ ነገር ይላል፣ የቀበሌ መታወቂያው ሌላ፣ ብሔራዊ መታወቂያው ፋይዳ ደግሞ ሦስተኛ። እያንዳንዱን የሞላው የተለያየ እጅ ነው፤ ዘመኑም ጥድፊያውም የተለያየ ነው። ሦስቱም የአንድ ሰው መሆናቸውን ማሳየት ነው እንግዲህ ሥራው።

ደግሞም ቀን የሚራዘምለት ፓስፖርት ዛሬ የለም። በእጅ ይጻፍ በነበረበት ዘመን ማራዘሚያ ማኅተም ይመታ ነበር፤ አሁን የሚሰጠው አዲስ ደብተር ነው፣ ቁጥሩም ይቀየራል። ስለዚህ ያላለቀ የአሜሪካ ቪዛ ያለበት አሮጌ ደብተር አይጣልም፤ ከአዲሱ ጋር አብሮ ይያዛል። ለሥራ ወደ ዓረብ አገር የሚሄድ ሰው ደግሞ ጉዳዩ በአሮጌው ቁጥር ተጀምሮ ከሆነ ለኤጀንሲው አስቀድሞ ይንገር።

ሰሞኑን ከሚመጡልኝ ደብተሮች ከፊሎቹ አንድም የመግቢያ ማኅተም ያላረፈባቸው ናቸው። ባለቤቶቹ የትም አልሄዱም። የእነዚህን ምሥጢር አውቀዋለሁ፤ የ2012 ዓ.ም. ዲቪ፣ ያ የአሜሪካ የቪዛ ዕጣ ነው። በዚያ ዓመት በመስከረምና በጥቅምት ዲቪ ሲከፈት አሜሪካ ‹የፓስፖርት ቁጥር የሌለው አይሞላም› አለች። ከዚያ በፊት ዲቪ ለመሙላት ፓስፖርት አያስፈልግም ስለነበር አገሩ ሁሉ ተደናገጠ። ከአዘዞ፣ ከማራኪ፣ ከዳባት፣ ከደባርቅ ሰው ጎረፈ፤ ተማሪው፣ የባጃጅ ሹፌሩ፣ ገና ያገባው፣ ሁሉም ፓስፖርት ያዥ ሆነ። በጥር 2014 ዓ.ም. የአሜሪካ ፍርድ ቤት ያንን ደንብ ሻረው። ደብተሮቹ ግን በየሣጥኑ ተቀምጠው አምስት ዓመታቸውን ጨረሱ። ያ ጥድፊያ የተወው ነገር ቢኖር ስሕተት ነው። የዲቪ መዝጊያ ቀን የቀረበበት ሰው ስሙ በስንት ሆሄ እንደተጻፈ አያይም፤ ቁጥሩን ብቻ ነው የሚፈልገው። ዛሬ ደብተሩን ገልጠን ስናየው የአያቱ ስም ከመሐሉ አንድ ሆሄ ጎድሎታል።

የስም ነገር እዚህ አገር ከባድ ነው። ፎርሙ ሦስት ሣጥን አለው፦ የራስ፣ የአባት፣ የአያት። በአማርኛ ሲጻፍ ጭቅጭቅ የለም። በላቲን ሆሄ ሲጻፍ ግን ቅድስትን አንዱ በኬ፣ ሌላው በኪው ይጀምራታል። ፀሐይን አንዱ በአይ፣ ሌላው በዋይ ይጨርሳታል። እንደ ገብረ ማርያም ወይም ወልደ ሰንበት ያለው ባለ ሁለት ቃል ስም የባሰ ነው። አንዱ ጸሐፊ ይገጥመዋል፣ ሌላው ይለየዋል፤ የለየው እንደሆነ ሁለተኛው ቃል ተንሸራትቶ የአባት ሣጥን ውስጥ ይገባና አባት አያት ሆነው ይቀራሉ። ይህን በዳባትና በወገራ ሰዎች ወረቀት ላይ በብዛት አየዋለሁ፤ የቤተ ክርስቲያን ስም እንደ መጠሪያ የሚወጣበት አገር ነውና።

ድሮ ይህ ሁሉ አሮጌውን ፓስፖርት በመገልበጥ ያልፍ ነበር። የኢሚግሬሽንና ዜግነት አገልግሎት ሥራውን ከፋይዳ ጋር ካያያዘ ወዲህ ግን አያልፍም። ፋይዳን የመዘገበው የባንክ ወይም የቴሌ ሠራተኛ ነው፤ እሱም ስሙን እንደሰማው ነው የጻፈው። ስለዚህ አንድ ሰው ሲመጣ የመጀመሪያ ጥያቄዬ «ፋይዳ አለህ ወይ?» ሳይሆን «ፋይዳህ ላይ ስምህ እንዴት ተጻፈ?» ነው። ሁለተኛው ጥያቄ ስልክ ነው። የማረጋገጫው ኮድ የሚላከው በምዝገባ ቀን ወደተሰጠው ቁጥር ነው፤ ከደጋው የሚመጣው ገበሬ ደግሞ ያኔ የሰጠው የወንድሙን ልጅ ቁጥር ነው። የወንድሙ ልጅ መተማ ሰሊጥ አጨዳ ላይ ነው፣ ኔትወርክ የለውም። እኛ እዚህ ስክሪኑ ላይ ሰዓት ሲቆጥር እናያለን።

ልደት ላይ ስንደርስ ደግሞ ቀን መቁጠሪያ ያጣላናል። በአገራችን የወሳኝ ኩነት ምዝገባ በአገር አቀፍ ደረጃ የተጀመረው ሐምሌ 30 ቀን 2008 ዓ.ም. ነው። ዛሬ ፓስፖርት የሚያሳድስ ጎልማሳ ሁሉ ከዚያ በፊት ነው የተወለደው፤ የልደት ሰርተፊኬቱ የተጻፈው ከስንት ዓመት በኋላ፣ በእናት ትዝታ ነው። በትዝታ መጻፉን አልነቅፍም። አንዲት የደባርቅ እናት «በሰባ ሰባቱ ድርቅ፣ በጥምቀት ማግሥት ነው የወለድሁት» ካለች ከዚህ የተሻለ ማስረጃ የለም፤ ጥር 12 ቀን 1977 ዓ.ም. ማለት ነው። ችግሩ የሚመጣው ወደ ፈረንጅ ሲመለስ ነው። ብዙ ጸሐፊ ሰባት መደመር ብቻ ነው የሚያውቀው። ሰባት የሚደመረው ከመስከረም እስከ ታኅሣሥ 22 ላለው ነው፤ ከታኅሣሥ 23 እስከ ጳጉሜን ስምንት ነው። (ጳጉሜን ስድስት በሆነችበት ዓመት ማግሥት፣ ማለትም በዘመነ ዮሐንስ፣ ድንበሩ በአንድ ቀን ይቀድማል።) የዚያች እናት ልጅ በትክክል ሲሰላ የተወለደው ጃንዋሪ 20 ቀን 1985 ነው። ሰባት የደመረው ጸሐፊ 1984 ብሎ ይጽፈዋል፤ ልጁም በወረቀት አንድ ዓመት ያረጃል። ቀኑን የማያውቅ ሰው ሲገጥመው ደግሞ ጃንዋሪ 1 ብሎ የሚያልፍ አለ። እንዲህ ዓይነት ደብተሮች ስለበዙ ቤቴ ውስጥ ስንት ሰው በአንድ ቀን እንደተወለደ ቢቆጠር የገና ሰሞን ሆስፒታሉ ሁሉ አራስ ሞልቶት ነበር ያሰኛል።

አንድ ዓመት የሚያዛንፍ ስሌት ግን ቀላሉ ነው። የከበደኝ ሌላ ነው፤ የተጨመረ እድሜ። ወደ ዓረብ አገር ለሥራ ለመላክ 18 ዓመት መሙላት ግድ ነው፤ የውጭ አገር ሥራ ስምሪት አዋጅ ቁጥር 923/2008 ይህን ይደነግጋል። ያልሞላት ልጅ ግን ቀርታ አታውቅም፤ ደላላው ይሞላላታል። ከጃን አሞራ የመጣች ልጅ ሪያድ ሠርታ ተመልሳ ፓስፖርቷ አለቀባት። ፓስፖርቱ ላይ ያለው ልደት ከእውነተኛው አምስት ዓመት ይቀድማል። ፋይዳ ስትመዘገብ ግን እናቷ አብራ ነበረችና እውነተኛው ተጻፈ። ሁለቱን ጎን ለጎን አስቀምጣ «ጋሼ፣ የቱን ልያዝ?» አለችኝ።

ይህን ጥያቄ ፎርም ሞልቼ የማልፈው አይደለም። ፋይዳውን ወደ ሐሰቱ ላስጠጋላት እችላለሁ የሚል ሰው ከተማው ውስጥ አይጠፋም፤ ዋጋውን ከጠራ ይሠራል። እኔ አልሠራውም፣ እንዳትሠራውም መከርኋት። ትክክለኛው መንገድ እርምት ነው። እርምት ከእድሳት የተለየ አገልግሎት ነው፤ የተለየ ማስረጃና የተለየ ክፍያ አለው፤ ጊዜም ይወስዳል። ሆኖም እውነቱን ስነግራት ሙሉውን ነገርኋት፦ ሳዑዲ አሻራዋን ከአሮጌው ልደት ጋር መዝግቦ ይዟል። ተመልሳ ልትሄድ ብትል ሁለት ልደት ያላት ሰው ሆና መጠየቋ አይቀርም። ስለዚህ በሁለቱም በኩል ዋጋ አለው። የሚያበሳጨኝ ዋጋውን የምትከፍለው እሷ መሆኗ ነው። ያን ልደት የፈጠረው ሰው ስልኩን ከቀየረ ቆይቷል፤ ስሙንም በትክክል አታውቀውም።

ወደ ገንዘቡ ልምጣ፤ እዚህ ላይ ብዙ አልቆይም። የመደበኛው ፓስፖርት ክፍያ 600 ብር የነበረበትን ጊዜ ሁላችንም እናስታውሳለን። 2,000 ሆነ፤ በ2016 ዓ.ም. ክረምት ደግሞ 5,000 ብር ገባ። አስቸኳይ ለሚፈልግ በአምስት ቀን 20,000፣ በሁለት ቀን 25,000 ብር ተተመነ። ዋጋው ልክ ነው አይደለም የሚለውን ለሌላ ጸሐፊ እተወዋለሁ። የማየው ግን ይህ ነው፦ አስቸኳዩን የሚከፍለው ባለጸጋው አይደለም። ባለጸጋው ደብተሩ ሳያልቅ ያሳድሳል። 20,000 ብር የሚበደረው ቪዛው መጥቶ፣ ኤጀንሲው ‹የቀረሽ ቀን ከስድስት ወር በታች ነው› ብሎ የመለሳት የአምባ ጊዮርጊስ ልጅ ናት። ብዙ አገሮች ከስድስት ወር በታች የቀረውን ፓስፖርት አይቀበሉም። ደብተሩ ላይ አምስት ወር ቀርቶታል ማለት ለአውሮፕላኑ አልቋል ማለት ነው። መንገድ ያሰበ ሰው አንድ ዓመት ሲቀረው ቢጀምር ከዚህ ሁሉ ይተርፋል።

መንገድ ካልሁ አይቀር፣ አሻራ በወኪል አይሰጥም። ፎርሙን እኔ ጎንደር ሞላሁት እንጂ ሰውየው ራሱ በቀጠሮው ቀን በመረጠው ቅርንጫፍ መቆም አለበት። ደንበኞቼ በአብዛኛው የሚመርጡት ባሕር ዳርን ነበር፤ 180 ኪሎ ሜትር ገደማ፣ በአዲስ ዘመንና በወረታ አድርጎ። በጸጥታ ችግር ምክንያት መንገዱ በሚዘጋባቸው ጊዜያት ቀጠሮው ያልፋል። የቻለ ከአዘዞ በአውሮፕላን አዲስ አበባ ይወርዳል፤ ያልቻለ ይቀመጣል። በ2015 ዓ.ም. ሐምሌ ማብቂያ የሞባይል ዳታ በአማራ ክልል ተቋርጦ ለወራት ሲቆይ ደግሞ ስልኩ ላይ ራሱ ይሞላ የነበረው ወጣት ሳይቀር ኢንተርኔት ያለበትን ቤት ፍለጋ ይዞር ነበር። ያኔ ቅርንጫፍ ስመርጥ የምጠይቀው የሚቀርበውን ሳይሆን «የቱ ጋ ዘመድ አለህ?» የሚለውን ነበር። ቀጠሮ ያለፈበት ሰው የሚያድርበት ቤት ይፈልጋላ።

ስለ አሻራ አንድ ነገር ልጨምር፤ ሰው አይነግራችሁምና። ዕድሜ ልኳን ገብስ የወቀጠች፣ እንዶድ የዳጠች እናት ጣቷ ያልቃል፤ ማሽኑ አላነብ ይላል። ልጆቿን ልትጠይቅ ውጭ አገር የምትሄድ እናት ከሆነች፣ ከቀጠሮዋ በፊት ባሉት ቀናት እጇን በረኪና ከመንካት እንድትቆጠብ፣ ማታ ማታ ቫዝሊን እንድትቀባ እነግራታለሁ። «ለሠርጌም እንዲህ አልተቀባሁ ልጄ!» ያለችኝ አለች።

አሁን የሚሰጠው በ2017 ዓ.ም. የወጣው ቺፕ ያለው ኢ-ፓስፖርት ነው። ለጎልማሶች ደስ የሚለው ዜና ከ25 ዓመት በላይ ለሆነው የአገልግሎት ዘመኑ ከአምስት ወደ ዐሥር ዓመት ማደጉ ነው። በአንድ በኩል እኔም ተደሰትሁ፤ አንድ ሰው በየአምስት ዓመቱ ባሕር ዳር ከሚመላለስ ይሻላል። በሌላ በኩል ግን ዛሬ ቸኩዬ የማስገባት አንዲት ሆሄ ለዐሥር ዓመት ትቀመጣለች ማለት ነው። በዚያው ስም የባንክ ሒሳብ ይከፈታል፣ ውል ይፈረማል፣ ልጅ ይወለዳል። የልጁ የአባት ስም በዚያችው የተሳሳተች ሆሄ ይጀምራል።

ስለዚህ የቤቱን ደንብ ቀየርሁ። ከመክፈል በፊት የሞላሁትን በወረቀት አትሜ እሰጣለሁ። ሆሄ በሆሄ አነባለታለሁ፤ ከፋይዳው፣ ከአሮጌው ፓስፖርት፣ ከትምህርት ማስረጃው ጋር አንድ በአንድ ያስተያያል። ማንበብ የማይችለውን ወረቀቱን ይዞ ለተማረ ልጁ አሳይቶ እንዲመለስ እልከዋለሁ። ልዩነት ከተገኘ መጀመሪያ የትኛው ሰነድ እንደሚስተካከል እንመካከራለን፤ አብዛኛውን ጊዜ ፋይዳን ማስተካከል ይቀድማል፣ ፓስፖርቱ ከእሱ ጋር ነውና የሚመሳከረው። የሚናደድብኝ ብዙ ነው። «እዚያ ማዶ ያለው ልጅ በአምስት ደቂቃ ይጨርሳል» ይሉኛል። እውነት ነው፣ ይጨርሳል። ከዚያ ፓስፖርት የደረሰላቸው ሰዎች ስም ዝርዝር በቴሌግራም ሲለቀቅ ስሙን ፈልጎ ያጣው ሰው ወደኔ ይመጣል። ስሙ አለ፤ ያጣው በሚያውቀው አጻጻፍ ስለፈለገው ነው።

ከተከፈለ በኋላ «አንዲት ፊደል ብቻ» ተብሎ የሚመጣ ልመና እኔ ጋ መፍትሔ የለውም። ያለው አንድ ዕድል የቀጠሮው ቀን ነው፤ አሻራ ተነሥቶ ሳያልቅ፣ ሰልፉ ከኋላ እየገፋም ቢሆን፣ መስኮቱ ላይ ለተቀመጠው ባለሙያ «ይቅርታ፣ ስክሪኑን አንዴ ያሳዩኝ» ማለት ነውር አይደለም።